የስኮትላንድ ያርድ አደባባይና ጓዳ

በመጋቢት 2023 ባሮነስ ሉዊዝ ኬሲ በለንደኑ ሜትሮፖሊታን ፖሊስ ላይ ያካሄዱትን ምርመራ ይፋ ሲያደርጉ፣ ከ300 ገጽ በላይ ከሆነው ሪፖርት ውስጥ ብዙ ሰው ልብ ውስጥ የቀረው የፍሪጁ ነገር ነው። ከተደፈሩ ሰዎች የተወሰዱ ናሙናዎች የሚቀመጡባቸው ፍሪጆችና ፍሪዘሮች አርጅተዋል፣ ከአቅማቸው በላይም ታጭቀዋል። በረዶ የጋገረበትን አንዱን ፍሪዘር ለመክፈት ሦስት ፖሊሶች መረባረብ ነበረባቸው። በሌላው ውስጥ ከማስረጃው ጎን የአንድ ሰው ምሳ ዕቃ ተቀምጦ ተገኝቷል። በ2022 ሙቀት አንድ ፍሪዘር ተበላሽቶ በውስጡ የነበረው ማስረጃ ሁሉ ተጥሏል። (እዚህ የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ይህ የሆነው ስሙ ሲጠራ ዓለም ሁሉ ባርኔጣና ማጉያ መነጽር በሚያስብበት ቤት ነው። በ2026 መጀመሪያ ደግሞ የብሪታንያ መንግሥት ብሔራዊ የፖሊስ አገልግሎት የማቋቋም ዕቅድ አውጥቷል፤ ስኮትላንድ ያርድ ለአሥርታት ይመራው የነበረው የፀረ ሽብር ሥራም ወደዚያ እንዲዛወር ታስቧል። ክርክሩ ሥልጣኑ የማን ይሁን በሚለው ላይ አተኩሯል። የመርማሪዎቹን የ180 ዓመት ታሪክ በቅርብ ላየው ግን ችግሩ ከአደባባዩ ይልቅ በጓዳው ነው፤ ማን ምን ጻፈ፣ የት አስቀመጠው፣ ቁልፉስ በማን እጅ ነው።

መጀመሪያ ስሙን እናጥራ። ስኮትላንድ ያርድ ስኮትላንድ ውስጥ አይደለም፣ የመላው ብሪታንያ ፖሊስም አይደለም። ሜትሮፖሊታን ፖሊስ በ1829 ሲቋቋም ዋና መሥሪያ ቤቱ በኋይትሆል ፕሌስ ቁጥር 4 ነበር፤ የጀርባ በሩ የሚከፈተው ግሬት ስኮትላንድ ያርድ ወደሚባል መንገድ ስለነበር ሰው በዚያው ጠራው። ሕንፃው ሦስት ጊዜ ሲቀያየር ስሙ አብሮት ሄዷል። የለንደን ጥንታዊ እምብርት የሆነው የገንዘብ ሰፈር፣ ሲቲ የሚባለው፣ ዛሬም የራሱ ፖሊስ አለው፤ ያርዱ እዚያ አያዝም።

የአገር ውስጥ ጉዳይ ሚኒስትሩ ሮበርት ፒል ያንን ፖሊስ ሲያቋቁሙ መርማሪ የሚባል አልነበራቸውም። ዝንጉ ሆነው አይደለም። እንግሊዞች የፈረንሳይን ሥውር ፖሊስ እያዩ ሲቪል የለበሰ ፖሊስ ማለት ጆሮ ጠቢ ማለት ነው ብለው ይፈሩ ነበር። ፖሊሱ ወታደር እንዳይመስል ሰማያዊ ኮት፣ ሰላይ እንዳይባል ደግሞ ከሩቅ የሚታይ የደንብ ልብስ ተሰጠው። ፍርሃቱ ከንቱ እንዳልነበረ በ1833 ታየ። ዊልያም ፖፔይ የተባለ ሳጅን ሠዓሊ መስሎ በአንድ የፖለቲካ ማኅበር ውስጥ ለወራት ከርሞ፣ አባላቱን ለአመፅ ሲገፋፋ ነበር ተብሎ ፓርላማ አጣራው፤ ከሥራም ተባረረ። ከዚያ በኋላ ዘጠኝ ዓመት ሙሉ ስለ መርማሪ ክፍል የሚያነሳ አልነበረም።

ሐሳቡን የመለሰው የአንድ ሱሪ ስርቆት ነው። በሚያዝያ 1842 አንድ ኮንስታብል የተሰረቀ ሱሪ ፍለጋ ሮሃምፕተን ወደሚገኝ የፈረስ ጋጣ ገባ። በገለባው ውስጥ የዳሰሰው ነገር መጀመሪያ የታረደ እንስሳ መሰለው፤ የሴት ሬሳ ነበር። ተጠርጣሪው የሠረገላ ነጂ ዳንኤል ጉድ በሩን ከውጭ ቆልፎበት ፈረጠጠ። ከዚያ በኋላ የሆነው ነው አሳፋሪው። የየክፍለ ከተማው ፖሊስ በየፊናው ዱካ ይከተላል፣ አንዱ የደረሰበትን ሌላው አያውቅም፣ ተፈላጊው ግን ሁሌም ሰዓታት ይቀድማቸዋል። በመጨረሻ ቶንብሪጅ ከተማ የያዘው አንድ የቀድሞ ፖሊስ ነው፤ ያውም ፊቱን በአጋጣሚ ስላወቀው። ነሐሴ ላይ የመርማሪዎች ክፍል ተፈቀደ፤ 2 ኢንስፔክተሮችና 6 ሳጅኖች። ሁለት ሚሊዮን ገደማ ሕዝብ ላለው ከተማ 8 ሰው።

እነዚህ ሰዎች ብልህ ነበሩ፤ ሆኖም ብልህነት ብቻውን የት እንደሚያደርስ በ1860 ታየ። በዊልትሺር ገጠር በሮድ ሂል ቤት አራት ዓመት ያልሞላው ሕፃን ሳቪል ኬንት ተገድሎ ተገኘ። ከያርዱ የተላከው ጆናታን ዊቸር የደረሰው ሬሳው ከተገኘ ከሁለት ሳምንት በኋላ ነው። ያኔ ቤቱ ታጥቧል፣ ሰው ወጥቶ ገብቷል፣ የአካባቢው ፖሊስ ደግሞ ከወጥ ቤቱ እሳት ማንደጃ ያገኘውን ደም የነካ የውስጥ ልብስ ደብቆት ነበር። ዊቸር የያዘው አንድ ነገር የልብስ ዝርዝር ነው። የ16 ዓመቷ የቤቱ ልጅ ኮንስታንስ ሦስት የሌሊት ልብስ እንዳላት ተመዝግቧል፤ አንዱ የለም። በዚህ ብቻ አሰራት። ዳኞቹ ለቀቋት፣ ጋዜጦች ዘለፉት፣ የሠራተኛ ልጅ የጨዋ ልጅ ላይ እንዴት ጣቱን ይቀስራል ተባለ። ዊቸር ጡረታ ከወጣ በኋላ በ1865 ኮንስታንስ ራሷ ቀርባ አመነች። የዊቸር ግምት ልክ ነበር፤ ግምቱን ማስረጃ የሚያደርገው ነገር ግን በሁለቱ ሳምንታት ጠፍቷል።

ከዚያ የባሰው መጣ። በ1877 ከማዕከሉ አራት ከፍተኛ መርማሪዎች ለፍርድ ቀረቡ፤ አንዱ ነጻ ሲወጣ ሦስቱ፣ ማለትም ሜክልጆን፣ ድሩስኮቪችና ፓልመር፣ ለሁለት ሁለት ዓመት ከከባድ ሥራ ጋር ታሰሩ። ኩርና ቤንሰን የተባሉ አጭበርባሪዎች በፈረስ ውድድር ቁማር ስም የአንዲት ፈረንሳዊት ባለጸጋን ሀብት ሲመጠምጡ፣ የእስር ማዘዣ ሲወጣባቸው ቀድመው የሚሰሙት ከመርማሪዎቹ ነበር። ድሩስኮቪች ብዙ ቋንቋ የሚናገርና የውጭ ጉዳዮች ሁሉ የሚሰጡት ሰው ነው። እጁን ያስያዘው 60 ፓውንድ ነው፤ ለዘመዱ የገባበትን ዕዳ የሚከፍልበት ቢያጣ፣ አበዳሪ ሆኖ የቀረበው ኩር ነበር።

ይህን ነገር «ክፉ ሰዎች ነበሩ» ብሎ ማለፍ ይቀላል። የሥራው ጠባይ ነው ግን። ወንጀለኛን የሚያውቀው ወንጀለኛ ስለሆነ መርማሪ ከጥቆማ ሰጪ ጋር መጠጥ ቤት መቀመጥ አለበት፤ የሚያወራው በምስጢር ነው፤ ለጠቋሚው የሚከፈለውን ገንዘብ የሚያውቁት ሁለቱ ብቻ ናቸው፤ ደመወዙም ጠባብ ነው። አለቃ ደብተር ካልጠየቀው በስተቀር ከመረጃ ወደ ጉቦ ያለው ርቀት አንድ ብርጭቆ ነው።

መንግሥት ሃዋርድ ቪንሰንት የተባለ ወጣት ጠበቃ አመጣ። ቪንሰንት ፓሪስ ሄዶ የፈረንሳዮችን አሠራር አጥንቶ ያቀረበው ሐሳብ ተቀባይነት አግኝቶ፣ በሚያዝያ 1878 የወንጀል ምርመራ ክፍሉ፣ ሲአይዲ የሚባለው፣ ተመሠረተ። ስሙ እስከ ዛሬ በብዙ አገር ፖሊስ ተቀድቷል። ክፍሉ ገና አሥር ዓመት እንደሞላው የ1888 የኋይትቻፕል ግድያዎች ደረሱበት፤ ከነሐሴ 31 እስከ ኅዳር 9 ድረስ አምስት ሴቶች በአንድ እጅ ተገደሉ ተብሎ ይታመናል፤ ገዳዩ አልተያዘም። ስለዚህ ጉዳይ እጅግ ብዙ ስለተጻፈ አንድ ነገር ብቻ ልጥቀስ። በጎልስተን መንገድ ደም የነካ የሽርጥ ቁራጭ ከተገኘበት ቦታ በላይ በጠመኔ የተጻፈ ጽሑፍ ነበር። ኮሚሽነሩ ቻርልስ ዋረን በአይሁዶች ላይ ረብሻ ያስነሳል ብለው ፎቶግራፍ ሳይነሳ እንዲጠፋ አዘዙ። ዛሬ በቃላቱ አጻጻፍ ላይ እንኳ ስምምነት የለም፤ በቦታው የነበሩት ፖሊሶች የገለበጡት ይለያያልና።

የአሥር ጣት ሒሳብ

ያርዱን በእውነት ያርድ ያደረገው በሐምሌ 1901 የተከፈተው የአሻራ ቢሮ ነው። አሻራ ሰውን እንደሚለይ ቀድሞ ይታወቃል፤ ችግሩ ፍለጋው ነበር። መቶ ሺህ ካርድ ቢኖርህ፣ የተያዘው ሰው ስሙን ቢቀይር፣ ካርዱን በምን ታገኘዋለህ? መልሱ የመጣው ከለንደን ሳይሆን ከካልካታ ነው። በቤንጋል ፖሊስ ኤድዋርድ ሄንሪ ሥር ይሠሩ የነበሩት አዚዙል ሃቅና ሄም ቻንድራ ቦስ አመዳደቡን በሒሳብ ሠሩት፤ ስሙን ግን አለቃቸው ወሰደው።

አሠራሩ እንዲህ ነው። ከቀኝ አውራ ጣት ጀምሮ እስከ ግራ ትንሿ ጣት ከ1 እስከ 10 ቁጥር ይሰጣል። ጣቶቹ ሁለት ሁለት ሆነው ዋጋ ይይዛሉ፤ 1ኛና 2ኛ ጣት 16፣ 3ኛና 4ኛ 8፣ 5ኛና 6ኛ 4፣ 7ኛና 8ኛ 2፣ 9ኛና 10ኛ 1። ጣቱ ላይ ያለው መስመር እንደ አዙሪት የሚሽከረከር ከሆነ ዋጋው ይያዛል፤ ቀለበት ሠርቶ የሚመለስ ወይም እንደ ቅስት የሚያልፍ ከሆነ ዜሮ ነው። የተጋማሽ ቁጥር ጣቶች (2፣ 4፣ 6፣ 8፣ 10) ድምር ላይ 1 ተጨምሮ ከላይ፣ የጎዶሎዎቹ ድምር ላይ 1 ተጨምሮ ከታች ይጻፋል። ለምሳሌ አዙሪት ያለው በቀኝ አውራ ጣት፣ በቀኝ ሌባ ጣትና በግራ የመሃል ጣት ላይ ብቻ ነው እንበል። (ለዚህ ሥራ ሌባ ጣት የሚል ስም የሰጠ ቋንቋ የእኛ መሆኑ ደስ ይላል።) ሌባ ጣቱ 2ኛ ስለሆነ 16፣ የግራ መሃል ጣት 8ኛ ስለሆነ 2፤ ድምሩ 18፣ ሲደመር 1፣ 19 ይሆናል። አውራ ጣቱ 1ኛ ስለሆነ 16፣ ሲደመር 1፣ 17። ካርዱ 19 በ17 በሚለው መሳቢያ ይገባል። 32 በ32 ሲባዛ 1,024 ክፍል ይወጣል። እያንዳንዱ ክፍል ውስጥ ደግሞ የመስመሮች ቆጠራ እየጠበበ ይቀጥላል። መቶ ሺህ ካርድ የነበረው ፍለጋ ወደ ጥቂት ደርዘን ይወርዳል።

በ1902 ሃሪ ጃክሰን የተባለ ሌባ ዴንማርክ ሂል ከአንድ ቤት የቢሊያርድ ኳሶች ሰርቆ ሲወጣ፣ ገና ባልደረቀ የመስኮት ቀለም ላይ የግራ አውራ ጣቱን አተመ። ሳጅን ቻርልስ ኮሊንስ ፎቶ አነሳው፤ ሰባት ዓመት ተፈረደበት። በ1905 ዴፕትፎርድ ውስጥ አንድ ቀለም ሻጭና ሚስቱ ሲገደሉ፣ በተዘረፈው የገንዘብ ሣጥን መደብ ላይ አንድ የአውራ ጣት አሻራ ቀረ። የስትራተን ወንድማማቾች በዚያ ተሰቀሉ።

የዚህ አመዳደብ ቀዳዳ ግን ከመጀመሪያው አብሮ ነበር። ካርዱ የሚገኘው አሥሩም ጣት ሲኖር ነው። ወንጀለኛ መስኮት ላይ የሚተወው አንድ ጣት ነው፤ በአንድ ጣት ደግሞ ቀመሩ አይሠራም። ስለዚህ ለመጀመሪያዎቹ ሠላሳ ዓመታት ገደማ ከወንጀል ቦታ የተገኘ አሻራ የሚጠቅመው ተጠርጣሪ አስቀድሞ ሲኖር ብቻ ነበር፤ ስትራተኖችም የተያዙት በዓይን ምስክር ጥቆማ ነው። ነጠላ ጣትን ለብቻ የሚመድብ መዝገብ በያርዱ የተዘረጋው በ1930 አካባቢ ነው።

በዚሁ ዘመን የአዶልፍ ቤክ ጉዳይ የመዝገብን ነገር በሌላ ጎን አሳየ። በ1896 ሴቶች ተራ በተራ እየመጡ «ጌጣችንን አታሎ የወሰደው ይኸው» ብለው አመለከቱት። ፖሊስም በ1877 ተፈርዶበት የነበረው ጆን ስሚዝ ነህ አለው። የስሚዝ የእስር ቤት መዝገብ የተገረዘ መሆኑን ይገልጻል፤ ቤክ አልተገረዘም። በ1898 የአገር ውስጥ ሚኒስቴር ይህን አወቀ። ያደረገው ምንድን ነው? የስሚዝን ቁጥር ከቤክ ስም ላይ ፍቆ ሰውየውን እስር ቤት ተወው። ቤክ ተፈትቶ በ1904 በዚያው ወንጀል እንደገና ተፈረደበት፤ ነጻ ያወጣው እውነተኛው አታላይ ስራውን ሲቀጥል መያዙ ነው። የወንጀል ይግባኝ ፍርድ ቤት በ1907 የተቋቋመበት አንዱ ምክንያት ይህ ነው።

ባዶ እጅና የቆዳ ቦርሳ

ሚስቱን ገድሏል የተባለው ዶክተር ክሪፕን በ1910 በመርከብ ሲሸሽ በሽቦ አልባ ቴሌግራፍ መጠቆሙ፣ ዋና ኢንስፔክተር ዋልተር ዲውም በፈጣን መርከብ ቀድሞት ካናዳ ላይ መጠበቁ ለያርዱ ትልቅ ዝና ሰጠ። በ1919 የተቋቋመው ፍላይንግ ስኳድም እንደዚሁ፤ 12 መርማሪዎች ከባቡር ኩባንያ በተዋሱት፣ ሸራው ላይ መመልከቻ ቀዳዳ ባለው የፈረስ ጋሪ ውስጥ ተደብቀው ኪስ አውላቂ ያድኑ ነበር። ጥሩ ወሬ ናቸው። ከሁለቱም ይልቅ ሥራውን የቀየረው ግን አንድ ቦርሳ ነው።

በ1924 በኢስትቦርን አቅራቢያ ክራምብልስ በሚባል የባሕር ዳርቻ ኤሚሊ ኬይ የተባለች ሴት ተገድላ ሬሳዋ ተቆራርጦ ተገኘ። የሬሳ መርማሪው ሐኪም በርናርድ ስፒልስበሪ ሲደርሱ፣ አንድ ከፍተኛ መርማሪ የሰው ሥጋ በባዶ እጁ እያነሳ ባልዲ ውስጥ ሲጨምር አዩ። ጓንት የላችሁም? የለንም። መቆንጠጫ? የለም። ከዚያ ነው «የግድያ ቦርሳ» የተዘጋጀው፤ የጎማ ጓንት፣ መቆንጠጫ፣ ማጉያ መነጽር፣ የናሙና ከረጢቶችና ቱቦዎች፣ ማስመሪያ፣ ኮምፓስ፣ ጥጥ መጥረጊያ። ጓንቱ የመርማሪውን ጤና ብቻ አይደለም የሚጠብቀው፤ ከአንዱ ዕቃ ወደ ሌላው የሚሻገረውን ደምና ፀጉርም ያግዳል። የያርዱ የምርመራ ላቦራቶሪ እስኪከፈት ግን 1935 መጠበቅ ግድ ሆነ።

ዕቃው ተሟላ ማለት ዓይን ተከፈተ ማለት አይደለም። በ1949 ፖሊስ ሪሊንግተን ፕሌስ ቁጥር 10 ገብቶ የአንዲት እናትና የሕፃኗን ሬሳ አገኘ። በዚያው ጠባብ ጓሮ ውስጥ አጥሩን ደግፎ የቆመው እንጨት የሰው የጭን አጥንት ነበር፤ ማንም ልብ አላለውም። ባልየው ቲሞቲ ኢቫንስ በ1950 ተሰቀለ። ከሦስት ዓመት በኋላ የታችኛው ቤት ተከራይና በችሎቱ ዋና ምስክር የነበረው ጆን ክሪስቲ ተከታታይ ገዳይ መሆኑ ታወቀ። ኢቫንስ በ1966 ምሕረት ተደረገለት፤ ከሞተ በኋላ።

መቶ ዓመት፣ ያው ነገር

ከ1877 ልክ መቶ ዓመት በኋላ፣ በ1977፣ የፍላይንግ ስኳድ አዛዥ የነበረው ኬን ድሩሪ በጉቦ ስምንት ዓመት ተፈረደበት። በለንደኑ ሶሆ ሰፈር የብልግና ሥዕል ንግድን የሚቆጣጠረው ክፍል ንግዱን ለመዝጋት ሳይሆን ፈቃድ ለመሸጥ ይሠራ ነበር ማለት ይቻላል። ድሩሪ ከአንዱ ነጋዴ ጋር ቆጵሮስ ለዕረፍት ሄዶ በጋዜጣ ሲጋለጥ፣ ከታላቁ የባቡር ዘረፋ ያመለጠውን ሮኒ ቢግስን ፍለጋ ነው የሄድኩት አለ። የነጋዴው የቀን ማስታወሻ ግን የተገናኙበትን ሁሉ በየቀኑ መዝግቦ ነበር። ፖሊስ መዝገብ ባይዝ ጉቦ ሰጪው ይዞታል።

በ1972 ኮሚሽነር የሆኑት ሮበርት ማርክ ያገኙት ሲአይዲ ከደንብ ልብሱ ፖሊስ የተለየ፣ ራሱን በራሱ የሚመረምር ቤት ነበር። አንድ መርማሪ ቢከሰስ የሚያጣራው ጓደኛው ነው። ማርክ ሦስት ነገር አደረጉ። ቅሬታ የሚያጣራ ኤ10 የሚባል ክፍል አቋቋሙ፤ በየክፍለ ከተማው ያሉትን መርማሪዎች በደንብ ልብሱ አዛዥ ሥር አስገቡ፤ አንድ ሰው በአንድ ቦታ ሥር እንዳይሰድ ማዘዋወር ጀመሩ። በእሳቸው ዘመን 478 ፖሊሶች ለቀዋል ወይም ተባርረዋል፤ አብዛኞቹ ክስ ሳይጠብቁ በገዛ ፈቃዳቸው።

የጉቦው በር ሲጠብ የእምነት ቃሉ በር ገና ክፍት ነበር። በ1972 ካትፎርድ ውስጥ ማክስዌል ኮንፌ ሲገደል የ14፣ የ15 እና የ18 ዓመት ልጆች ወላጅም ጠበቃም በሌለበት «አምነናል» ብለው ፈረሙ፤ የ18 ዓመቱ የአእምሮ ዕድገት ውስንነት ነበረበት። ሟቹ የሞተበት ሰዓት ከቃላቸው ጋር አይገጥምም፤ ሰዓቱን ወደ ቃሉ ጎተቱት። ፍርዱ በ1975 ተሻረ። የ1984ቱ የፖሊስና የወንጀል ማስረጃ ሕግ የተወለደው ከዚህ ጉዳይ ነው። ሕጉ የተያዘውን ሰው ከመርማሪው እጅ አውጥቶ በምርመራው ለማይሳተፍ የጣቢያ ሳጅን አስረከበው። ሳጅኑ መዝገብ ይከፍታል፤ መቼ ገባ፣ መቼ በላ፣ ማን አነጋገረው። ከ6 ሰዓት በኋላ፣ ከዚያም በየ9 ሰዓቱ፣ እስሩ ያስፈልጋል ወይ ተብሎ ይታያል። ያለ ክስ 24 ሰዓት፣ በከፍተኛ መኮንን ፈቃድ 36፣ በፍርድ ቤት እስከ 96። ቃሉም በቴፕ ይቀዳል። የድሮ መርማሪዎች እጃችንን አሰሩን ብለው ነበር። በእኔ ግምት ግን ከአሻራ ቀጥሎ ያርዱን የጠቀመው ይህ ሕግ ነው፤ የእምነት ቃል ላይ የተኛውን መርማሪ ቀስቅሶ ማስረጃ ፍለጋ አሰማራው።

የመጀመሪያው ሁለት ሳምንት

ሚያዝያ 22 ቀን 1993፣ ከምሽቱ 4 ሰዓት ተኩል አካባቢ፣ ኤልተም ውስጥ አውቶቡስ የሚጠብቀው የ18 ዓመቱ ስቲቨን ሎውረንስ በነጭ ወጣቶች ተወግቶ ሞተ። የደረሱት ፖሊሶች ቁስሉን ለማሰር አልሞከሩም። አብሮት የነበረውን ጓደኛውን እንደ ምስክር ሳይሆን እንደ ተጠርጣሪ ያዩት ነበር። በማግሥቱ የተጠርጣሪዎቹ ስም ከአንድም በላይ በሆነ ጥቆማ ደረሳቸው። አልያዟቸውም፤ ቤታቸውን በካሜራ አስጠበቁ። ካሜራ የያዘው ሰው አንድ ወጣት በላስቲክ የተቋጠረ ልብስ የሚመስል ነገር ይዞ ሲወጣ አየ። ስልክ አልተሰጠውምና ለማንም መናገር አልቻለም። እስራቱ የተጀመረው ግንቦት 7 ነው። የምርመራው አንድ ከፍተኛ መኮንን በኋላ በአጣሪ ፊት ሲጠየቁ፣ ለመያዝ ምክንያታዊ ጥርጣሬ እንደሚበቃ እንዳላወቁ አመኑ። ይህ ከሕጉ የመጀመሪያ ገጽ ነው።

በየካቲት 1999 የወጣው የማክፈርሰን ሪፖርት ፖሊሱን ተቋማዊ ዘረኝነት አለበት አለው፤ 70 የማሻሻያ ሐሳቦችም አቀረበ። ቃሉ ብዙ አከራከረ። ከክርክሩ በታች በጸጥታ የተለወጠው አሠራሩ ነው። ዛሬ የግድያ ምርመራ ኃላፊ የውሳኔ መዝገብ ይይዛል፤ ምን ወሰንኩ፣ በስንት ሰዓት፣ ለምን፣ ሌላው አማራጭ ለምን ቀረ። አልያዝኩትም ካለ ያለመያዝ ምክንያቱ ይጻፋል። ለሟች ቤተሰብ የሠለጠነ አገናኝ መኮንን ይመደባል። በወንጀል ቦታው የውስጥና የውጭ ገመድ ይዘረጋል፤ በመግቢያው የቆመው ፖሊስ የገባ የወጣውን በሰዓት ይጽፋል። ማስረጃ የሚረከበው አንድ የተመደበ ሰው ነው፤ እያንዳንዱ ዕቃ ለብቻው፣ ቁጥር ባለው ከረጢት፣ ታሽጎ። ከረጢቱን የነካ ሁሉ ይፈርማል።

ይህ ፊርማ ለምን እንደሚያስፈልግ የሎውረንስ መዝገብ ራሱ በ2011 አሳየ። ማስረጃው እንደገና ሲመረመር ከአንዱ ተጠርጣሪ ጃኬት ኮሌታ ላይ 0.5 በ0.25 ሚሊ ሜትር የሆነች የደም ነጠብጣብ ተገኘች። ዲኤንኤው የስቲቨን ነው። ተከላካዮቹ ስለ ደሙ አልተከራከሩም፤ ከረጢቱን ያዙ። ይህ ጃኬት ለ18 ዓመት የት ነበር? ማን ከፈተው? ከሟቹ ልብስ ጋር በአንድ ጠረጴዛ ተቀምጦ አያውቅም? የደረቀ ደም ፍርፋሪ ተሻግሮስ እንደሆን? ዐቃቤ ሕግ የእያንዳንዱን ከረጢት ጉዞ ለዳኞች ማስረዳት ነበረበት። አስረዳ፤ በጥር 2012 ከተጠርጣሪዎቹ ሁለቱ ተፈረደባቸው።

ግድያ የሚመረምሩት ቡድኖች ከዚህ ተምረዋል ቢባል ሐሰት አይደለም። ትምህርቱ ግን «ግድያ ነው» ተብሎ ከተመዘገበው መዝገብ አልፎ አይሄድም። በ2014 እና በ2015 በባርኪንግ አራት ወጣት ወንዶች ሞተው ተገኙ። ሦስቱ የተገኙት በአንድ የቤተ ክርስቲያን ቅጥር ግቢ ወይም ጥግ ነው፤ ሁለቱን ያገኘቻቸው አንዲት ውሻዋን የምታናፍስ ሴት ናት፣ በሦስት ሳምንት ልዩነት። የአካባቢው ፖሊስ አደንዛዥ ዕፅ ወስደው ነው ብሎ «አጠራጣሪ ያልሆነ ሞት» መዝገብ ውስጥ ከተተው። ያ ቃል አንዴ ከተጻፈ የግድያ ቡድን አይረከብም፣ የላቦራቶሪ በጀት አይለቀቅም። ከአንዱ ሬሳ ሥር የነበረው አንሶላ ዲኤንኤ አልተመረመረም። በእጁ የተገኘው «ራሴን አጥፍቻለሁ» የሚል ደብዳቤ ጽሕፈቱ በወጉ አልተነጻጸረም፤ የጻፈው ገዳዩ ስቲቨን ፖርት ነበር። የአራተኛው ሟች እህቶች ወትውተው የመንገድ ካሜራ ምስል እስኪወጣ ድረስ በግድያ ማንም አልያዘውም። በ2021 የሞቱን ምክንያት የመረመረው ችሎት የፖሊስ ስሕተት ለኋለኞቹ ሦስት ሞቶች አስተዋጽኦ ሳያደርግ አልቀረም ብሏል።

ስለዚህ ወደ ፍሪጁ ስንመለስ ነገሩ ድንገተኛ አይደለም። በ2018 ፖሊሱ በቁጠባ 32ቱን ክፍለ ከተሞች በ12 ዕዞች ሲያጥፍ፣ የመደፈር ወንጀልን ለብቻው የያዘው ልዩ ቡድን ተበትኖ ወደ ዕዞቹ ገባ። ልምድ ያለው መርማሪ ወደ ግድያና ወደ ሽብር ክፍል ይሳባል፤ ክብሩም በጀቱም እዚያ ነው። የቀረውን ክፍተት ለመሙላት ከ2017 ጀምሮ የደንብ ልብስ ዓመታትን ሳያልፉ በቀጥታ መርማሪ የሚሆኑ ምሩቃን ይቀጠራሉ። ሕጉን ፈተና ተፈትነው ያውቁታል። ሌሊት ስምንት ሰዓት ላይ የሰከረ ምስክርን ማናገር፣ ወይም አለቃን «ይህ ፍሪዘር ሞልቷል፣ አልፈርምም» ማለት ግን ከፈተና ወረቀት አይገኝም። አጠገባቸው ሆኖ የሚያሳያቸው አሮጌ እጅ ደግሞ ሄዷል። ፖሊሱ በሰኔ 2022 በመንግሥት የፖሊስ ተቆጣጣሪ አካል ልዩ ክትትል ሥር ገብቶ በጥር 2025 ወጥቷል። አዲሱ ብሔራዊ መሥሪያ ቤት ቢቋቋም ልምድ ያለውን መርማሪ አሁንም ወደ ላይ ይስባል፤ የመደፈር መዝገብ የሚይዘው የዕዙ መርማሪ ከሚቀረው ይካፈላል።

አንድ ጉዳይ ቀርቷል። በመጋቢት 1987 የግል መርማሪው ዳንኤል ሞርጋን በሲደንሃም አንድ መጠጥ ቤት መኪና ማቆሚያ በመጥረቢያ ተገደለ። ጉዳዩ በተደጋጋሚ ተመረመረ፤ የተፈረደበት የለም። በሰኔ 2021 የወጣው የገለልተኛ አጣሪ ሪፖርት ፖሊሱን ተቋማዊ ሙስና አለበት ያለው ስሕተቱን ከመመርመር ይልቅ ስሙን ለመጠበቅ በመሸሸጉ ነው። አጣሪዎቹ ሰነድ ለማግኘት ዓመታት ታግለዋል። ሪፖርቱ ታትሞ፣ መሥሪያ ቤቱም የሚሰጠውን ሁሉ ሰጥቻለሁ ካለ በኋላ፣ በጥር 2023 በኒው ስኮትላንድ ያርድ ለዓመታት ያልተከፈተ አንድ የተቆለፈ ካቢኔ ተገኘ። ሲከፈት የሞርጋን ጉዳይ ሰነዶች ነበሩበት።